የኮሎምቦ ልክፍት፦ አንድ የሲንሃላ የቧልት ፊልምና የሣቁ ታሪካዊ ሥር

በኪነ ጥበብ ታሪክ ውስጥ ቧልት ዘወትር ከደጅ የሚቀር እንግዳ ሆኖ ኖሯል። ሐዘንን የሚተርከው ተውኔት የክብር ወንበር ሲሰጠው፣ ሰው የሚወድቅበት፣ የሚደናበርበት፣ ሣህን የሚሰበርበትና ልብስ የሚቀደድበት ጨዋታ ግን ለሕፃናትና ላልተማሩ ሰዎች የተተወ ጊዜ ማሳለፊያ ተደርጎ ሲቆጠር ቆይቷል። ይሁን እንጂ አንድ ሕዝብ ስለ ገዥዎቹ፣ ስለ ባለጸጎቹና ስለ ራሱ የሚያስበውን ለመረዳት የሚሻ ተመራማሪ፣ ሕዝቡ የሚያለቅስበትን ብቻ መርምሮ ቢያቆም መጽሐፉን ከግማሽ ላይ እንደ ዘጋው ይቆጠራል። ሣቅ የራሱ ታሪክ አለው፤ የሚበቅልበት መሬት፣ የሚያነጣጥርበት ዒላማ፣ የሚከፈልበትም ዋጋ አለው።

እ.ኤ.አ. በ1976 በስሪ ላንካ ለሕዝብ የቀረበው «ኮላምባ ሳኒያ» የተሰኘው የሲንሃላ ቋንቋ ፊልም ለዚህ አባባል ጥሩ ማስረጃ ነው። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) የፊልሙ አዘጋጅ ማኒክ ሳንድራሳጋራ ሲሆን፣ ዋናው ተዋናይ ጆ አቤይዊክራማ ነው። አንዳሬ የተባለ ያልተማረ የገጠር ሰው ሜዳ በወጣበት፣ ማለትም ለመጸዳዳት ቁጭ ባለበት ሰዓት፣ አንድ የከበረ ድንጋይ ያገኛል። ድንጋዩ ወደ ሀብት ይለወጣል፤ ሀብቱም ቤተሰቡን ከመንደሩ ነቅሎ በኮሎምቦ ከተማ ባለጸጎች በሚኖሩበት ሰፈር ያስቀምጠዋል። ቤተሰቡ የሰፈሩን ወግ፣ ዕቃና አነጋገር መልመድ ይቸግረዋል። የፊልሙ ሣቅ የሚፈልቀውም ከዚሁ ችግር ነው።

ታሪኩ በእነዚህ ጥቂት ቃላት ሲነገር ተራ ይመስላል። ባላገር ከተማ ገብቶ መደናበሩን የማይተርክ የዓለም ሕዝብ የለም። ሆኖም ከዚህ ተራ ታሪክ በስተጀርባ ለኪነ ጥበብ ሰው ሁሉ የሚቀርብ አንድ ከባድ ጥያቄ አለ። ይኸውም «ተመልካቹ የሚሥቀው በማን ላይ ነው?» የሚለው ነው። ሣቁ በባላገሩ ላይ ከሆነ ፊልሙ የድኻን ድንቁርና ለመዝናኛ ሸጧል ማለት ነው። በከተማው ላይ ከሆነ ደግሞ ቧልቱ ፍርድ ሰጥቷል ማለት ነው። መልሱን ለማግኘት ወደ ፊልሙ ስም፣ ወደ ተወለደበት ባህልና ወደ ወጣበት ዘመን መመለስ ያስፈልጋል።

ስሙ የያዘው ነገር

«ኮላምባ» ኮሎምቦ በሲንሃላ ቋንቋ የምትጠራበት ስም ነው። «ሳኒያ» ደግሞ ድንገት የሚጥል፣ የሚያንቀጠቅጥ ወይም አእምሮን የሚያናውጥ ሕመም ነው። ስለዚህ ርእሱ በእኛ ቋንቋ «የኮሎምቦ ልክፍት» ቢባል ከትርጉሙ አይርቅም።

ለስሪ ላንካ ተመልካች ቃሉ ከዚህ የጠለቀ ትዝታ ይቀሰቅሳል። በደሴቲቱ ደቡባዊና ምዕራባዊ ቆላ «ሳኒ ያኩማ» የሚባል ጥንታዊ የፈውስ ሥርዓት አለ። በሥርዓቱ እምነት መሠረት 18 የሕመም አጋንንት አሉ። አንዱ ዕውርነትን፣ ሌላው ደንቆሮነትን፣ ሌላው ዲዳነትን፣ ሌላው አንካሳነትን፣ ሌላውም እብደትን ያመጣል። እያንዳንዱ ጋኔን የራሱ ጭምብል አለው። የሁሉም አለቃ ማሃ ኮላ ይባላል። አፈ ታሪኩ እንደሚለው ኮላ የንጉሥ ልጅ ነበር፤ እናቱ ባልሠራችው ኃጢአት ተጠርጥራ በባልዋ ትእዛዝ ስለ ተገደለች፣ ልጅዋ አባቱንና ከተማውን ለመበቀል የሕመም አጋንንቱን ፈጠረ። የአጋንንቱ አለቃ ሕመም «ኮላ ሳኒያ» መባሉን የሚያውቅ ሰው «ኮላምባ ሳኒያ» የሚለውን ስም ሲሰማ ሁለቱ ቃላት በጆሮው መገናኘታቸው አይቀርም።

በዚህ ሥርዓት ውስጥ ለኪነ ጥበብ ሰው ትልቁ ትምህርት የፈውሱ መንገድ ነው። አጋንንቱ በሌሊት፣ በችቦ ብርሃንና በከበሮ ድምፅ ታጅበው በየተራ ይገባሉ። መጀመሪያ ያስፈራራሉ፤ ቀጥለው ከከበሮ መቺው ጋር ይከራከራሉ፤ ቃል ያጣምማሉ፤ ይሰናከላሉ፤ ጸያፍ ቀልድ ይቀልዳሉ፤ በመጨረሻም መባቸውን ተቀብለው ለመሄድ ይገደዳሉ። ታማሚው ከዘመዶቹና ከጎረቤቶቹ ጋር ተቀምጦ፣ ሊጥለው በመጣው ነገር ላይ ይሥቃል። ያስፈራ የነበረው ኃይል መልክ ተሰጥቶት፣ ስም ወጥቶለት፣ አደባባይ ላይ ተሰናክሎ ሲታይ ግርማው ይገፈፋል። እንግዲህ አንድ የፊልም አዘጋጅ ሥራውን በዚህ ሥርዓት ስም ሲሰይም፣ ለተመልካቹ የመጀመሪያውን ፍንጭ ሰጥቷል። ሕመሙ የተጠራው በከተማይቱ ስም ነው፤ አንዳሬ በሽታው የያዘው ሰው ነው እንጂ የበሽታው ምንጭ አይደለም።

ከአውድማ እስከ ስቱዲዮ

የፊልሙ ባላገር «አንዳሬ» መባሉም ያለ ምክንያት አይደለም። አንዳሬ በሲንሃላ ተረት ውስጥ በካንዲ ነገሥታት ዘመን የኖረ የቤተ መንግሥት ቀልደኛ ነው። ስለ እርሱ የሚነገሩት ተረቶች ብዙ ሲሆኑ፣ የሁለቱን ፍሬ ነገር ማንሣት ለጉዳዩ ይበቃል።

በአንደኛው ተረት ንጉሡ በቤተ መንግሥቱ ግቢ ስኳር በምንጣፍ ላይ አስጥቶ ሳለ አንዳሬ ይመጣና ምን እንደሆነ ይጠይቃል። ንጉሡም ሊያታልለው አስቦ «አሸዋ ነው» ይለዋል። አንዳሬ ነገሩን በሆዱ ይዞ ይሄድና ከልጁ ጋር ይመካከራል። ጥቂት ቆይቶ ልጁ እያለቀሰ እየሮጠ መጥቶ እናቱ መሞትዋን ያረዳዋል። አንዳሬም ምንጣፉ ላይ ተደፍቶ «እንግዲህ አፋችን አሸዋ ይሙላ!» እያለ፣ ልጁም እንደ አባቱ እያደረገ፣ ስኳሩን በእፍኝ እየዘገኑ ይበሉታል። ንጉሡ በገዛ ቃሉ ታስሮ ከማየት በስተቀር ሌላ ማድረግ አይችልም።

በሁለተኛው ተረት ንግሥቲቱ የአንዳሬን ሚስት ለማየት ትፈልጋለች። አንዳሬ ለንግሥቲቱ ሚስቱ ጆሮዋ እንደሚከብዳት፣ ለሚስቱ ደግሞ ንግሥቲቱ እንደማትሰማ በየፊናቸው ይነግራቸዋል። ሁለቱ ሴቶች ሲገናኙ ቤተ መንግሥቱ እስኪናወጥ ይጯጯሃሉ። በጩኸቱ መካከል ንግሥትና የድኻ ሚስት እኩል ይሆናሉ፤ ልዩነታቸውን የሚጠብቀው ለስላሳው የአደባባይ አነጋገር ጠፍቷልና። «ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም» እንደሚባለው፣ የአንዳሬ ሞኝነት ጉልበቱ የባለሥልጣኑን ቃል ቃል በቃል ይዞ አለመልቀቁ ነው።

ይህ ዓይነቱ ስላቅ በመድረክም ረጅም ዕድሜ አለው። በካንዲ አካባቢ ገበሬዎች በእህል አውድማ ላይ የሚጫወቱት «ሶካሪ» የተባለው ትርኢት ከባሕር ማዶ የመጣን መምህር፣ ቆንጆ ሚስቱንና አገልጋያቸውን ይዞ ይነሣል። ሴቲቱ ከመንደሩ ሐኪም ጋር ስትኮበልል አዋቂ ነኝ ባዩ ባል መሳቂያ ይሆናል። በደቡብ ምዕራብ ጠረፍ፣ በተለይም በአምባላንጎዳ፣ በጭምብል የሚቀርበው «ኮላም» ደግሞ የቅኝ ግዛቱን ሹማምንት አንድ በአንድ ወደ ሜዳ ያወጣቸዋል። አዋጅ ነጋሪው ሽማግሌ እየተንገዳገደ ይመጣል፤ ወታደሮቹ ቆሳስለው ይገባሉ፤ ሙዳሊ የተባለው ባለማዕረግ ልብሱን አሳምሮ ይንጎራደዳል፤ ነገር ግን ዓይኑ ያረፈው ልብስ አጣቢው ጃሳያ ባገባት በሌንቺና ላይ ነው። በቀን ለሹሙ እጅ የሚነሣው መንደርተኛ በሌሊት በጭምብሉ ላይ ይሥቃል።

ሲኒማ ወደ ደሴቲቱ ሲገባ ይህን ቅርስ ወዲያው አልተቀበለም። ጥር 21 ቀን 1947 በኮሎምቦ ኪንግስሊ ትያትር ቤት የታየው «ካዳውኑ ፖሮንዱዋ» በሲንሃላ ቋንቋ የሚናገር የመጀመሪያው ፊልም ነው። ሥራው የቢ. ኤ. ደብሊዩ. ጃያማኔ የሚኔርቫ ትያትር ቡድን ተውኔት ሲሆን፣ የተቀረጸው በደቡብ ሕንድ ስቱዲዮ ነው። ከዚያም በኋላ ለብዙ ዓመታት የሲንሃላ ፊልም የሕንድን ዜማ፣ የሕንድን ጌጥና የሕንድን ታሪክ አወቃቀር እየተዋሰ ኖረ። በዚህ ሁሉ ብድር መካከል ከአገሩ መሬት ያልተነቀለ አንድ ሰው ቢኖር ቀልደኛው ነበር። ጀግናውና ጀግናይቱ የመድረክ ንግግር ሲናገሩ ቀልደኛው አገልጋይ የመንገዱን ሲንሃላ ይናገራል። በመጀመሪያው ፊልም ይህን ቦታ የያዘው ኤዲ ጃያማኔ ነበር፤ ከ29 ዓመት በኋላ በ«ኮላምባ ሳኒያ» ከጆ አቤይዊክራማ ጋር የተሰለፈውም እርሱ ነው። ሌስተር ጄምስ ፔሪስ በ1956 «ሬካዋ» በተባለው ፊልሙ ካሜራውን ከስቱዲዮ አውጥቶ ወደ እውነተኛው መንደር ሲወስድ የሲንሃላ ቁም ነገረኛ ሲኒማ ተወለደ ይባላል። አባባሉ ትክክል ነው፤ ግን መንደሩ በአንድ በኩል ቀድሞ ወደ ፊልም ገብቶ ነበር፤ በቀልደኛው ምላስ ላይ ተቀምጦ።

ሰባተኛው ሰፈር

አንዳሬ የሚሰፍርበት ቦታ «ኮሎምቦ ሰባት» በመባል ይታወቃል። ቁጥሩ የፖስታ ክልል ቁጥር ነው፤ የቦታው ስም ግን የቀረፋ አትክልት ሥፍራ ማለት ነው። በደች ቅኝ ገዥዎች ዘመን መሬቱ የቀረፋ እርሻ ነበር። በእንግሊዞች ዘመን እርሻው ተመንጥሮ ሰፋፊ ግቢና ትልልቅ ቪላ ያላቸው የባለሥልጣናትና የባለጸጎች መኖሪያ ሆነ። ከዚያ ወዲህ «ኮሎምቦ ሰባት» የሚለው ቃል አድራሻ ብቻ መሆኑ ቀርቶ የመደብ ስም ሆኗል።

የዚህን መደብ አጥር የሚጠብቀው ትልቁ ዘበኛ የእንግሊዝኛ ቋንቋ ነበር። ከገጠር የመጡ የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች እንግሊዝኛን «ካዱዋ»፣ ማለትም «ጎራዴ» ብለው ሰይመውታል፤ ቃሉን በትክክል ያልያዘውን ሰው ይቆርጠዋልና። በ1956 የሲንሃላ ቋንቋ ብቻ የመንግሥት ሥራ ቋንቋ እንዲሆን በሕግ ቢደነገግም ጎራዴው ከሰገባው አልገባም። ሕጉን ያወጣው መንግሥት መሪ የኤስ. ደብሊዩ. አር. ዲ. ባንዳራናይኬ መኖሪያ ራሱ በዚሁ ሰፈር ነበር፤ በ1959 በጥይት የተመቱትም በዚያ ቤታቸው ነው። ባለቤታቸው ሲሪማቮ ባንዳራናይኬ በ1960 በዓለም የመጀመሪያዋ ሴት ጠቅላይ ሚኒስትር ሲሆኑም የገዥው መደብ አድራሻ አልተለወጠም።

ይህ ሰፈር ራሱ ከየት መጣ? የታሪክ ምሁርዋ ኩማሪ ጃያዋርዴና በ2000 ባሳተሙት ስለ ስሪ ላንካ ከበርቴ መደብ አመጣጥ በሚተርክ ጥናታቸው ለዚህ ጥያቄ ግልጽ መልስ ሰጥተዋል። በ19ኛው መቶ ዘመን ከምንም ተነሥተው ወደ ታላቅነት የወጡት ቤተሰቦች የመጀመሪያ ሀብታቸውን ያከማቹት በአመዛኙ አረቄ የመሸጥ መብትን ከቅኝ ገዥው መንግሥት በጨረታ እየተከራዩ ነበር። ቀጥለው ገንዘቡን በኮኮናት እርሻ፣ በማዕድንና በከተማ ቤት ላይ አዋሉት። ልጆቻቸውን እንግሊዝ አገር ልከው አስተማሩ፤ የልጅ ልጆቻቸውም የአረቄውን ሽታ የማያውቁ ጨዋዎች ሆኑ። በአንዳሬና በጎረቤቶቹ መካከል ያለው ልዩነት እንግዲህ የሁለት ወይም የሦስት ትውልድ ጊዜ ብቻ ነው። እነርሱም በአንድ ዘመን አዲስ ገቢዎች ነበሩ፤ ሹካ አያያዙን የተማሩት ቀድመው ስለ ገቡ ነው። የፊልሙ ስላቅ የሚወጋው ይህን የተሸሸገ የትውልድ ሐረግ ነው።

የድንጋዩ ዘመን

የአንዳሬ ሀብት ከከበረ ድንጋይ መምጣቱም ከደሴቲቱ ታሪክ ጋር የተያያዘ ነው። የስሪ ላንካ ዕንቁዎች ዝና ጥንታዊ ነው፤ በዚህም የእኛ አገር ወደብ ስም ይነሣል። በ6ኛው መቶ ዘመን የጻፈው ነጋዴና መነኩሴ ኮስማስ ኢንዲኮፕልስጤስ፣ ደሴቲቱ ከሕንድ፣ ከፋርስና ከኢትዮጵያ ብዙ መርከቦችን ትቀበል እንደነበር ያወሳል። ሶጳጥሮስ የተባለ ነጋዴ ከአዱሊስ ሰዎች ጋር ተሳፍሮ ወደዚያ መሄዱን፣ በደሴቲቱም ቤተ መቅደስ ከሩቅ የሚያበራ ትልቅ ቀይ ድንጋይ መኖሩን ጽፏል። የአክሱም ዘመን መርከበኞች በዓይናቸው ያዩት ብርሃን፣ ከ1400 ዓመት በኋላ በአንድ ባላገር እጅ ላይ ለቧልት መነሻ ሆነ።

የዕንቁው ዋና ምድር ራትናፑራ ነው፤ የስሙም ትርጉም «የዕንቁ ከተማ» ማለት ነው። በዚያ ቆፋሪዎች ጉድጓዱን በእንጨት እየደገፉ ወርደው «ኢላም» የሚባለውን ጠጠር ያወጣሉ። ጠጠሩ በቅርጫት ሆኖ በውሃ ውስጥ እየተሽከረከረ ይታጠባል። የተገኘው ድንጋይ ሲሸጥ ገንዘቡ ለመሬቱ ባለቤት፣ ለገንዘብ አውጪውና ለቆፋሪዎቹ እንደ ውሉ ይከፋፈላል። «ሀብታም በከብቱ ድኻ በጉልበቱ» የሚለው አነጋገር በዚህ ጉድጓድ አፍ ላይ ሙሉ ትርጉሙን ያገኛል። ጆ አቤይዊክራማ በ1927 የተወለደው በዚሁ በራትናፑራ አቅራቢያ በምትገኘው በሌሎፒቲያ ነው። ባንድ ሌሊት የከበረውንም ሆነ ዕድሜውን ሲቆፍር ባዶ እጁን የቀረውን ሰው በልጅነቱ በሚያውቀው አገር አድጓል።

ፊልሙ የወጣበት ዘመን ለዚህ ጨዋታ መሬቱን አመቻችቶ ነበር። በ1970 በሲሪማቮ ባንዳራናይኬ መሪነት ሥልጣን የያዘው የግራ ፓርቲዎች ኅብረት በ1972 የመሬት ይዞታ ለአንድ ሰው ከ50 ኤከር እንዳይበልጥ ደነገገ፤ በ1973 የቤት ባለቤትነትን ወሰነ፤ በ1975 የኩባንያ እርሻዎችን ወረሰ። በ1971 ሚያዝያ ወር ደግሞ የተማሩ ግን ሥራ ያጡ የገጠር ወጣቶች የጦር መሣሪያ አንሥተው፣ ዐመፁ በሺሕ የሚቆጠር ሕይወት አጥፍቶ ተደምስሷል። ከ1973 የነዳጅ ዋጋ ንረት በኋላ የውጭ ምንዛሪ ተሟጠጠ፤ የውጭ ዕቃ ተከለከለ፤ ዳቦ ለመግዛት መሰለፍ የዕለት ተግባር ሆነ።

በዚህ ድርቀት መካከል አንድ ምንጭ ይፈልቅ ነበር። በ1971 የመንግሥት የዕንቁ ኮርፖሬሽን ተቋቋመ፤ ዕንቁ ወደ ውጭ የሚልኩ ነጋዴዎችም ካስገቡት የውጭ ምንዛሪ የተወሰነውን ክፍል ለራሳቸው እንዲያስቀሩ ተፈቀደላቸው። ሌላው ሕዝብ የውጭ ዕቃ በማያይበት ጊዜ የዕንቁ ነጋዴ መኪና ማስመጣት ቻለ። አዲስ ባለጸጋ ድንገት ብቅ አለ። ስለዚህ ተመልካቹ አንዳሬን ከተረት የወጣ ሰው አድርጎ ብቻ አላየውም፤ በዘመኑ ወሬ የሚያውቀው ሰው ነበር።

የፊልም ሥራው ራሱም ተለውጦ ነበር። በ1972 ሥራውን የጀመረው የመንግሥት የፊልም ኮርፖሬሽን የውጭ ፊልም የማስገባትንና የማከፋፈልን ሥራ ከግል ኩባንያዎች እጅ ወስዶ ለአገር ውስጥ ሥራ ቦታ ከፈተ። የቫሳንታ ኦቤይሴኬራ «ዋልማትውዎ» የታየው በዚያው በ1976 ነው፤ ያም ፊልም ሥራ ፍለጋ ከመንደር ወደ ከተማ የወጡ የተማሩ ወጣቶችን ይተርካል። ሁለቱ ፊልሞች አንድ መንገድ በሁለት ዓይን ያዩ ናቸው። አንዱ በትምህርት የከተማን በር አንኳኩቶ ያልተከፈተለትን፣ ሌላው በድንጋይ በሩን ከፍቶ ገብቶ መቀመጫ ያጣውን ሰው ያሳያሉ።

የመውደቅ ጥበብ

የአካል ቧልት ሕግ ቀላል ይመስላል። አንድ አካልና አንድ ዕቃ ይገናኛሉ፤ ሳይስማሙ ይቀራሉ። ሣቁ በዚያ አለመስማማት ውስጥ ነው። ነገር ግን ዕቃ ሁሉ የሠራውን ኅብረተሰብ ሐሳብ ተሸክሟል። ዝቅ ያለ ወንበርና ረጅም ወንበር፣ በእጅ የሚበላ ምግብና በሹካ የሚበላ ምግብ፣ ደጅ የሚወጣበት ሜዳና በር የሚዘጋበት ክፍል፣ እያንዳንዳቸው «ሰው እንዲህ ነው የሚኖረው» የሚል ትእዛዝ ይሰጣሉ። ትእዛዙን ያልተማረው አካል ሲሰናከል፣ ከሥጋ ጋር የተወለደ ይመስል የነበረው ወግ በልምድ የተጫነ መሆኑ ይጋለጣል። ሞልዬር በ1670 ባቀረበው ተውኔቱ መኳንንትን ለመምሰል የዳንስና የጎራዴ መምህር የሚቀጥረውን ነጋዴ ያሳየን በዚሁ ጥበብ ነው። ልዩነቱ ግን መዘንጋት የለበትም። የሞልዬር ነጋዴ መኳንንትን ለመምሰል ሲል ይወድቃል፤ የመንደሩ ሰው አንዳሬ ግን የሚወድቀው ራሱን ሆኖ በመገኘቱ ነው። ስለዚህ በመጀመሪያው ላይ የምንሥቀው ሣቅ ቅጣት ሲሆን፣ በሁለተኛው ላይ የምንሥቀው ሣቅ ወደ ምስክርነት ይጠጋል።

ይህን ልዩነት ጠብቆ መያዝ የሚችለው ተዋናይ ብቻ ነው። ተዋናዩ ባላገሩን ከላይ ሆኖ ከናቀው ጨዋታው ወደ ፌዝ ይወርዳል። ጆ አቤይዊክራማ በ1957 «ዴቫሱንዳሪ» በተባለው ፊልም ወደ ሲኒማ ገብቶ ለዓመታት በአስቂኝነቱ የታወቀ ሰው ነው። በ1971 በዲ. ቢ. ኒሃልሲንጌ «ዌሊካታራ» ውስጥ ጎሪንግ ሙዳላሊ የተባለውን አስፈሪ ነጋዴ ሆኖ ሲቀርብ ተመልካቹ ሌላ ሰው ያየ መሰለው። በ1997 በፕራሳና ቪታናጌ «ፑራሃንዳ ካሉዋራ» ደግሞ በታሸገ ሣጥን የመጣለትን የወታደር ልጁን አስከሬን ለማመን ያልቻለ ዐይነ ስውር አባት ሆኖ ሠርቷል፤ በዚህም ሥራው በ1999 በሲንጋፖር የምርጥ ተዋናይነት ሽልማት አግኝቷል። ሁለቱን ሥራዎች ጎን ለጎን የሚመለከት ሰው አንድ ነገር ያስተውላል። ዐይነ ስውሩ አባትም አንዳሬም ከላይ የተነገራቸውን ቃል እንደ ወረደ አይቀበሉም፤ አንዱ መቃብር በመቆፈር፣ ሌላው በመደናበር ነገሩን ይፈትኑታል። በ2011 ያረፈው ይህ ተዋናይ ለቧልትና ለሐዘን ሁለት ፊት አልነበረውም፤ ከአንድ ምንጭ ይቀዳ ነበር።

የሣቁ ወሰን

ፍትሐዊ ግምገማ የፊልሙን ጥንካሬ ብቻ ዘርዝሮ ማለፍ አይገባውም። ባላገርን ወደ ከተማ የሚያመጡ ቧልቶች በአገሩ ሁሉ የሚሸከሙት አንድ ችግር አለ። ከተማው በሽታ ከሆነ መንደሩ መድኃኒት መሆኑ ነውን? «ቪላው ለአንተ አልተሠራም፤ ጎጆህ ይሻልሃል» የሚለው ምክር በድኻ ወዳጅ አፍ ሲነገር መጽናኛ ይመስላል፤ በባለቪላው አፍ ሲነገር ግን አጥር ነው። በ1971 የተነሡት ወጣቶች የወጡበት መንደር የሰላም ገነት አልነበረም፤ መሬት የጠበበበት፣ ትምህርት ተስፋ ሰጥቶ ሥራ የነፈገበት ቦታ ነበር። ማርቲን ዊክራማሲንጌ በ1944 ባሳተመው «ጋምፔራሊያ» ልብ ወለዱ ያስረዳው መንደሩ ራሱ ከውስጡ እየፈረሰ መሆኑን ነው።

ሁለተኛው ወሰን የሀብቱ ምንጭ ነው። ድንጋዩ በዕድል ይገኛል፤ ከጉድጓዱ ውስጥ የቆሙት ቆፋሪዎች ከታሪኩ ውጭ ይቀራሉ። ዕድል ለቧልት ፈጣን ሞተር ነው፤ ነገር ግን ላብን ይሸፍናል። ሦስተኛው ወሰን በዘመኑ የሲንሃላ ቧልት በሙሉ ላይ የሚነሣ ነው። ባላገር ሲባል የሚታሰበው ሲንሃላው ባላገር ነበር። በ1948 በወጣው ሕግ ዜግነታቸውን የተነፈጉት የሕንድ ዝርያ ያላቸው የሻይ እርሻ ሠራተኞች የአገሪቱን ሀብት ሲያፈሩ በዚህ ሣቅ ክበብ ውስጥ ቦታ አልነበራቸውም። አብሮ መሣቅ አንድ ሕዝብ መሆን ነው ካልን፣ ከሣቁ ውጭ የቀረው ማን እንደሆነ መጠየቅ ግዴታ ነው። በሐምሌ 1983 በኮሎምቦ በታሚሎች ላይ በተነሣው ግድያና ቃጠሎ መካከል የሲንሃላ ፊልሞችን ሲያዘጋጅ የኖረው ታሚሉ ኬ. ቬንካት ተገድሏል፤ ስቱዲዮም ተቃጥሏል። የጋራ የነበረው ሣቅ ምን ያህል ደካማ መሠረት ላይ ቆሞ እንደነበር የታየው በዚያ ቀን ነው።

ከፊልሙ በኋላ

በ1977 ምርጫ ሥልጣን የያዘው የጄ. አር. ጃያዋርዴኔ መንግሥት የአገሪቱን በር ለውጭ ንግድ ከፈተ። የውጭ ዕቃ ጎረፈ፤ በ1979 የቴሌቪዥን ሥርጭት ተጀመረ። በ1976 በአንድ ዕድለኛ ቤተሰብ ላይ የታየው ልክፍት በብዙ ሺሕ ቤት ገባ። ወንበሩም፣ ማቀዝቀዣውም፣ የከተማው ወግም በዱቤ ወደ መንደር ደረሰ። አንዳሬ ወደ ኮሎምቦ ሄዶ ነበር፤ አሁን ኮሎምቦ ወደ አንዳሬ መጣች።

ከዚያም ግማሽ ምዕተ ዓመት ሊሞላ ጥቂት ሲቀረው አንድ እንግዳ ትርኢት ታየ። በ2022 የአገሪቱ ግምጃ ቤት ባዶ ሆነ፤ ነዳጅና መድኃኒት ጠፋ፤ የ1970ዎቹ ሰልፍ ተመለሰ። ሐምሌ 9 ቀን በብዙ ሺሕ የሚቆጠር ሕዝብ የፕሬዚዳንቱን ቤተ መንግሥት በር አልፎ ገባ። ሰዎቹ በመዋኛው ውስጥ ዋኙ፤ በሰፊው አልጋ ላይ ተጋደሙ፤ በተቀረጹት ወንበሮች ላይ ተቀምጠው ፎቶግራፍ ተነሡ። ከልጆቻቸው ጋር ተሰልፈው ክፍሎቹን እንደ ቤተ መዘክር የጎበኙም ነበሩ። በቤቱ ያገኙትን ከ17 ሚሊዮን ሩፒ በላይ ጥሬ ገንዘብ ቆጥረው ለፖሊስ ያስረከቡም ነበሩ። ከአራት ቀን በኋላ ደግሞ በኮሎምቦ ሰባት የሚገኘው የጠቅላይ ሚኒስትሩ ጽሕፈት ቤት በተቃዋሚዎች እጅ ገባ።

በእነዚያ ቀናት ዓለም የተመለከታቸው ሥዕሎች የአካል ቧልት ሥዕሎች ነበሩ፤ ያልተጋበዘ አካል ለእርሱ ያልተሠራ ዕቃ ላይ ተቀምጧል። ነገር ግን በ1976 ተመልካቹ አንዳሬ በቪላው ውስጥ ሲደናበር አይቶ ሥቆ ከነበረ፣ በ2022 የተሣቀው በአልጋው ስፋት፣ በመዋኛው ጥልቀትና ሸሽቶ በሄደው ባለቤት ላይ ነው። በሳኒ ያኩማ ሥርዓት መጨረሻ ላይ ጋኔኑ መባውን ይዞ እንደሚሰናበት ሁሉ ባለሥልጣኑ ሐምሌ 13 ቀን አገር ጥሎ ሄደ። ታማሚው ግን ገና አልዳነም፤ ዳቦው፣ ነዳጁና ዕዳው በማግስቱም እዚያው ነበሩ። ሣቅ ሕመሙን ስም አውጥቶለት አደባባይ ላይ ያቆመዋል፤ ከዚያ በኋላ ያለው ሥራ የሐኪሙ፣ የመምህሩና የገበሬው ነው።